አባትና ልጅ ለአንዲት ልጅ፦ የሾርት ክሪክ ፊልም እና እውነተኛው ታሪክ

ሰላም ሰላም፣ እንዴት ናችሁ? ዛሬ የድሮ ፊልም ይዤላችሁ መጥቻለሁ። በ1981 በአሜሪካው ኤንቢሲ ቴሌቪዥን የታየ ነው። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጠራው፣ እንዳትደናገሩ። ርዕሱ «ቻይልድ ብራይድ ኦፍ ሾርት ክሪክ»፤ የሾርት ክሪኳ ልጅ ሙሽራ እንደማለት።

ጊዜው 1953፣ ቦታው አሪዞና። አይዛክ የሚባል ወጣት ከኮሪያ ጦርነት ወደ መንደሩ ሾርት ክሪክ ይመለሳል፤ አንድ ወንድ ብዙ ሚስት የሚያገባበት የሃይማኖተኞች መንደር ነው። አዎ፣ የእኛም ቃኘው የዘመተበት ኮሪያ። መንደሩ ውስጥ ጄሲካ አለች፣ ገና 15 ዓመቷ። ይወዳታል። ችግሩ ምን መሰላችሁ? አባቱም ሊያገባት ነው። አባቱ! ያውም ቤቱ ሚስት ሞልቶ።

ጄሲካን ሆና የምትጫወተው ዳያን ሌን ናት። ሄለን ሀንትም አለች፣ ገና ልጅ ሆና። አባትየው ደግሞ ኮንራድ ቤን ነው፤ አሜሪካኖች በኮሜዲ ድራማ ደግ አባት ሆኖ የሚያውቁት ሰውዬ። በጣም ጥሩ ምርጫ ነው። ፊቱ ክፉ የሆነ ሰው ቢያመጡ ኖሮ ገና ሲገባ እንጠላው ነበር። ይሄ ግን ይጸልያል፣ ፈገግ ይላል፣ ከዚያ የልጁን ፍቅረኛ ሊወስድ ይነሳል።

[ምስል፦ የሾርት ክሪክ ካርታ፣ የአሪዞናና የዩታ ድንበር]

እሺ፣ አንድ ነገር እናስብ። እኛ አገር ሽማግሌ ሲላክ እንዴት ነው? ይሄዳሉ፣ በር ላይ ይቆማሉ። «ልጃችሁን ለልጃችን» ይላሉ። አባት ወዲያው እሺ አይልም፣ ነውር ነው። «የማን ልጅ ነው? ዘሩ ይጣራ፣ ተመካክረን እንነግራችኋለን፣ ተመለሱ» ይላል። ይመለሳሉ። እንደገና ይቆማሉ። ሰባት ቤት ይቆጠራል። ብዙ ልጃገረድ ሳትጠየቅ ተድራለች፣ ያንን አንደብቅም። ግን ቢያንስ የሚጠይቅ አለ፣ የሚጠየቅ አለ፣ መሃል ላይ የሚቆም አለ።

አሁን ሾርት ክሪክ እንሂድ። የሃይማኖት መሪው ሽማግሌ ይመጣል። የሚመክረውም እሱ፣ «ፈጣሪ ፈቅዷል» የሚለውም እሱ፣ የሚመርቀውም እሱ። አንዳንዴ ደግሞ፣ አትሳቁ፣ ሙሽራውም እሱ! ታዲያ ልጅቷ ለማን አቤት ትበል? ለአባቷ? አባቷ ነገ ሌላ ሚስት እንዲሰጡት እነዚያኑ መሪዎች የሚጠብቅ ሰው ነው።

ሂሳቡ ቀላል ስለሆነ ቶሎ ልበለው። ሴትና ወንድ በቁጥር ያው ነው። አንዱ አራት ካገባ ሦስት ወንድ ያለ ሚስት ይቀራል። ስለዚህ አባት ከልጁ ጋር ቢፎካከር የደራሲ ፈጠራ አይምሰላችሁ። አሠራሩ ራሱ የሚወልደው ነው። በቃ።

ሰብስክራይብ ያላደረጋችሁ አድርጉ፣ ነጻ ነው።

አሁን ወደ አስተያየታችሁ። «ሞርሞን ማለት እኮ ብዙ ሚስት የሚያገባ ነው» የምትሉኝ በዝታችኋል። ቆይ፣ ቆይ። ይሄን ሳናጠራ አንሄድም። ጆሴፍ ስሚዝ የሞርሞኖችን ቤተ ክርስቲያን አሜሪካ ውስጥ የመሠረተው በ1830 ነው። ብዙ ሚስት ማግባት ነበረ፣ እውነት ነው። በ1890 ግን የቤተ ክርስቲያኑ ፕሬዚዳንት ዊልፎርድ ውድረፍ መተዉን በአዋጅ አሳወቀ። ዩታ በ1896 ክፍለ ግዛት ሆነች። በ1904 ደግሞ «ከዚህ በኋላ የሚያገባ ይባረራል» ተባለ። «የቀድሞውን አንተውም» ያሉት ተገንጥለው ወጡ። ሾርት ክሪክ የእነዚህ የተባረሩት መንደር ነበር። ድንበር ላይ መስፈራቸውም ያለ ነገር አይደለም፤ የአሪዞና ፖሊስ ሲመጣ ጥቂት እርምጃ፣ ከዚያ ዩታ ናቸው! ዋናው ቤተ ክርስቲያን ደግሞ ክፉኛ ያፍርባቸው ነበር። የቤተ ክርስቲያኑ ጋዜጣ ደዘረት ኒውስ ወረራውን ሁሉ ደግፎ ጽፏል። ስለዚህ ዩታ፣ ሶልት ሌክ ከተማ ያለ ሞርሞን ጎረቤታችሁን «ስንት ሚስት አለህ?» እንዳትሉት። አደራ።

ወረራ ያልኩት የትኛውን ነው? ሐምሌ መጨረሻ 1953፣ ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ግድም። የዚያን ሌሊት ጨረቃዋ ሙሉ ለሙሉ ተጋርዳ ነበር። ከመቶ በላይ ፖሊስ፣ ጋዜጠኛም ተጨምሮ፣ በጨለማ ወደ መንደሩ ይገባል። የተኛ ሰው ያገኛሉ ብለው ነበር። ሰው ግን ወሬው ቀድሞ ደርሶት ትምህርት ቤቱ ግቢ ተሰብስቦ፣ ባንዲራ ሰቅሎ ይዘምራል። ከ200 በላይ ልጆች ተወሰዱ። ከ150 የሚበልጡት እስከ ሁለት ዓመት ወላጆቻቸው ጋር አልተመለሱም። ወንዶቹ ግን በአመዛኙ በገደብ ተለቀቁ። ይሄ እኔን ያናድደኛል። የታሰሩት ልጆቹ ናቸው ማለት ይቻላል።

ሕዝቡም ከእናቱ የሚነጠቅ ሕጻን ፎቶ ሲያይ ፊቱን በአሪዞናው ገዥ በሃዋርድ ፓይል ላይ አዞረ። ፓይል በ1954 ምርጫ ተሸነፈ፣ እሱም ሽንፈቱን በዚሁ ዘመቻ አመካኘ። ከዚያ ወዲህ ለብዙ አሥርት ዓመታት መንደሩን የነካ ባለሥልጣን የለም። ያለ ዕድሜያቸው የሚዳሩት ልጆችም እዚያው ቀሩ።

ፊልሙ ይሄን ሁሉ አይነግራችሁም። ፍቅሩ ላይ ነው ያተኮረው፣ እሱም ደህና ነው። የጎደለው ግን ይሄ ነው፦ ገዥው ከወረራው በፊት መርማሪዎች ልኮ ነበር። መርማሪዎቹ ምን መስለው ገቡ? የፊልም ኩባንያ! «ለቀረጻ ቦታና አጃቢ ተዋናይ እየፈለግን ነው» ብለው ሰዉን በየቤቱ ፎቶ አነሱት። እኔ ደራሲው ብሆን ፊልሙን ከዚያ ነበር የምጀምረው።

በሚቀጥለው ቪዲዮ ቴክሳስ እንሄዳለን፣ በ2008 እንደዚሁ ከ400 በላይ ልጆች ወደተወሰዱበት። እስከዚያ ፊልሙን ያያችሁ አባትየውን እንዴት እንዳገኛችሁት ጻፉልኝ። ቻው!